በኩርፊያ መግባት ክልክል ነው

ጥቅምት 3

ወንድም ጋሼ፣

እንደምን ሰነበትክ? እኔ ደህና ነኝ፤ ደህና የሚባለው ይህ ከሆነ። ጉንፋኑ ለቆኛል፣ ወገቤ ግን አልለቀቀኝም። የስፌት መኪናዬም እንደ እኔው ናት፤ እያቃሰተች ትሠራለች።

የጠየቅኸኝን አስቀድሜ ልመልስ። አዎ፣ ወረቀቱ ደርሶኛል። ላንተ የላኩትን ለእኔም ልከውልኛል። በቆይታ ክፍል ዘጠኝ ዓመት የሞላው ሕመምተኛ ካለ፣ ቤተሰቡ «ይቆይ» ወይም «ይከፈት» ከሚሉት አንዱን መርጦ እስከ ታኅሣሥ መጨረሻ ይፈርም ይላል። ልጆች ሁሉ ካልተስማሙ በሩ እንደተዘጋ ይቀጥላል። «ልጆች ሁሉ» የሚለውን ሳነብ ሳቄ መጣ፤ እኔና አንተ ብቻ ነን እኮ።

እኔ ፈርሜያለሁ፤ «ይከፈት» የሚለው ላይ። ይህን ስታነብ እንደምትደነግጥ ስለማውቅ ነው ሰላምታውን ያሳጠርኩት። አንተም እዚያው ላይ እንድትፈርም እለምንሃለሁ።

ስለ እማዬ ጠይቀሃል። ካለፈው ደብዳቤዬ ወዲህ ያደረገችው ነገር ቢኖር ትራሷን ማስተካከል ነው። የእኛ አንድ ዓመት ለእሷ አንድ ቀን ነው፤ ይህን መጀመሪያ ያስረዳኸኝ አንተው ነህ። ያ የምትለቅመው ድንጋይ፣ ቆዬ የምትሉት፣ ግድግዳዋ ውስጥ ተለስኖ ጊዜዋን ጨምድዶ ይዞታል። ምሳዋ በዓመት አንዴ ይገባል። ምሳውን የምታስገባው ነርስ ግማሽ ሰዓት እዚያ ቆይታ ስትወጣ ለእኛ ሳምንት አልፏል። ልጆቿ «እናታችሁ የት ሄደች?» ሲባሉ «ምሳ ልታበላ» ይላሉ አሉ።

እሁድ እሁድ መስታወቱ ፊት አንድ ሰዓት እቆማለሁ። ያ ለእሷ አሥር ሴኮንድ ነው። ከተንቀሳቀስኩ ጭራሽ አታየኝም፤ ስለዚህ እንደ ልብስ መስቀያ ቀጥ እላለሁ። ምን ያደርጋል፣ ፊቷ ወደ ግድግዳ ነው። ከገባች ጀምሮ እንደዞረች ናት። መብራቱ ከብዷት ይሆናል ብዬ በሦስተኛው ዓመት አስቀይሬላት ነበር፤ አልዞረችም።

ስትገባ ሐኪሙ ሁለት ወይም ሦስት ሳምንት ነው ያላት ብሎን ነበር። ከዚያ ውስጥ ዘጠኙን ቀን ጀርባዋን ሳይ ኖርኩ። የቀረችውን እንኳ ፊቷን እያየሁ ብትጨርሳት ደስ ይለኛል። መድኃኒት እስኪገኝ ብለን ነበር፤ መድኃኒቱ አልተገኘም፣ ይገኛል ያለን ሐኪምም ጡረታ ወጥቷል።

ፈርመህ ላክልኝ። ራስህን ጠብቅ።

እህትህ


ጥቅምት 20

መርፌዬ፣

ለጤናሽ እንደምን አለሽ? መልሴ ስለዘገየ ይቅርታ አድርጊልኝ። በእኔ ቀን ከተቆጠረ ግን ያን ያህል አልዘገየሁም። አንድ ፈረቃ ገብቼ ስወጣ ለእኔ ስምንት ሰዓት ነው፤ ውጭ ሁለት ቀን ያልፋል። ከዚያ አንድ ቀን አርፌ እመለሳለሁ። ደብዳቤሽ ከደረሰኝ ወዲህ የሠራሁት አራት ፈረቃ ብቻ ነው። እዚህ ሰው ሁሉ የሚቆጥረው በፈረቃ ነው። ልጅህ ስንት ዓመቱ ነው ሲባል ተሳስቶ በፈረቃ የሚናገር ሰው አለን።

ወገብሽን እባክሽ ታዪው። ቁጭ ብለሽ ስትሠሪ ከኋላሽ ትራስ አድርጊ።

ስለ ሥራዬ ስንት ጊዜ ጠይቀሽኝ ሳልመልስልሽ ቀርቻለሁ። የሚነገር ነገር የለውም እኮ። ረጅም ጠረጴዛ አለ፣ ጠረጴዛው ላይ ድንጋይ በሳጥን ይመጣል። ሁሉም አመድማ ነው፣ ሁሉም አንድ ይመስላል። በእያንዳንዱ ላይ ከላይ አንድ ጠብታ ውኃ እንለቃለን። ተራ ድንጋይ ከሆነ ጠብታው ጠብ ይላል። ቆዬ ከሆነ ግን እላዩ ሲደርስ ይዘገያል፤ የሚሄድበትን እንደረሳ ሰው አየር ላይ ቆም ይላል። ጠብ ያለውን «ውሸቴ» ብለን እንጥላለን፣ የቆመውን እንይዛለን። ይኸው ነው። ድንጋዩን የሚነካው ቀኝ እጄ ስለሆነ የግራ እጄን ጥፍር አራት ጊዜ ስቆርጥ የቀኙን የምቆርጠው አንዴ ነው። እዚህ የሁላችንም እጅ እንዲህ ነው፤ ስንጨባበጥ እንኳ ልጅ የጨበጥን ይመስለናል።

ወረቀቱን በተመለከተ፣ ገና አልፈረምኩም። አትቆጪኝ። ፈጽሞ አልፈርምም አላልኩም። አንድ ዓመት ብቻ እንጨምርላት። ለእማዬ አንድ ቀን ናት፤ አንድ ቀን ማንንም አትጎዳም። ደግሞም እኔ እዚህ እስከሠራሁ ድረስ ክፍሉ የእኛ ነው፣ የሠራተኛ ቤተሰብ መብት ነው፤ ማንም ውጡ አይለንም። መድኃኒቱም በአዲሶቹ ሐኪሞች እጅ ሊገኝ ይችላል።

ፊቷን ስለማዞሯ አትጨነቂ። የታመመ ሰው እንዲያ ነው።

ወንድምሽ


ጥቅምት 28

ወንድም ጋሼ፣

ሰላም ላንተ ይሁን። የጥፍርህን ነገር ሳነብ ብቻዬን ሳቅሁ። ቀጥዬ የቀረውን ሳነብ ሳቄ ደረቀ።

አንድ ቀን ማንንም አትጎዳም ብለሃል። እውነትህን ነው። ግን ያቺን አንድ ቀን ማን ነው የሚኖራት? ዘጠኙ ዓመት ለእማዬ ዘጠኝ ቀን ነው። ላንተ አራት ዓመት ነው። ዘጠኝ ዓመት የሆነው ለእኔ ብቻ ነው። እሷ ስትገባ እኔ ሃያ አራት፣ አንተ ሃያ ስድስት ነበርን። አሁን አንተ ሠላሳ ነህ፣ እኔ ሠላሳ ሦስት። ታላቄን በሦስት ዓመት በለጥኩት። ልማድ ሆኖብኝ ጋሼ እልሃለሁ እንጂ እትዬ ልትለኝ የሚገባው አንተ ነበርክ።

ስለ አስተማሪው ሁለቴ ጠይቀኸኝ ሁለቴም ዘልዬዋለሁ። ሊያገባኝ አራት ዓመት ጠበቀኝ። ሥራው ወደ ሌላ ከተማ ሲዛወር አብረን እንሂድ አለኝ። እናቴን ጥዬ የት እሄዳለሁ አልኩት። «እናትሽ ተኝታለች፤ የማትተኚው አንቺ ነሽ» ብሎኝ ሄደ። አግብቶ ወልዷል። ባለፈው ክረምት ለእረፍት መጥቶ የልጁን ሱሪ አሳጠርኩለት። ጥሩ ልጅ ነው፣ ሲለካ አይቅበጠበጥም።

ይህን የጻፍኩልህ እንድታዝንልኝ አይደለም። ስለጠየቅኸኝ ነው።

አሁን ወደ ዋናው ነገር። የእማዬን ምሳ የምታስገባው ነርስ በዚህ ወር ከሥራ ልትሰናበት ነው፤ አርጅታለች። እሁድ መስታወቱ ጋ ቆሜ አገኘችኝና አጠገቤ ቆመች። መብራቱን እንደገና ላስቀይርላት ወይ ብዬ አማከርኳት። አየችኝና «ልጄ፣ ስድስት ልጅ አሳድጌያለሁ፣ ኩርፊያ አውቃለሁ። እናትሽ መብራት አልከበዳትም። አኩርፋ ነው» አለችኝ። ከመጀመሪያው ምሳ ጀምሮ እማዬ አንድ ቃል አናግራት አታውቅም። ሳህኑን ትቀበላለች፣ ትንሽ ትቀምሳለች፣ ትዞራለች። የሕመምተኛን ነገር ለቤተሰብ መናገር ስለማይፈቀድ ዘጠኝ ዓመት ዝም ብላኝ ኖራለች።

እኔ እማዬ ስታኮርፍ አይቻለሁ። ያለ ምክንያት አታኮርፍም፤ ምክንያት ካገኘች ደግሞ አትቻልም።

የገባች ቀን ብርድ ልብሷን ከቤት ላመጣ ስሄድ ኮሪደሩ ላይ ሁለታችሁን ትቼ ነው የሄድኩት። ስመለስ በሩ ተዘግቷል። አንተ ዓይንህ ቀልቶ «እሺ ብላ ገባች፤ ሰላም በልልኝ ብላለች» አልከኝ። ብርድ ልብሱን ታቅፌ ቆሜ ቀረሁ።

ምን ተባባላችሁ?

እህትህ


ኅዳር 14

መርፌዬ፣

እንደምን አለሽ? ይህን ለመጻፍ ብዬ አንድ ፈረቃ ቀርቻለሁ። አለቃዬ አመመህ ወይ ሲለኝ አዎ አልኩት፤ ውሸት አልነበረም።

የአስተማሪውን ነገር አላወቅኩም ነበር። አዝኛለሁ ማለት ቀላል ስለሆነ አልልሽም።

እዚህ መግቢያችን በር ላይ በትልቁ የተጻፈ ነገር አለ፦ «በኩርፊያ መግባት ክልክል ነው»። አዲስ የመጣ ሁሉ ያየውና ይስቃል፣ እኔም ስቄያለሁ። በሩ ላይ አንድ ሽማግሌ ተቀምጠዋል። የሚገባውን ሰው ሁሉ «ከማን ጋር ተጣልተሃል?» ብለው ይጠይቃሉ። ከሚስቱ ጋር ተኳርፎ የመጣ ካለ፣ ሥራ በዛም አልበዛም፣ ታርቀህ ና ብለው ይመልሱታል። ምክንያቱን ስጠይቃቸው ውጭ ሰው ሲቆጣ ይመሻል፣ ይነጋል፣ ነገሩም እያደር ይበርዳል፤ እዚህ ውስጥ ግን አያድርም አሉኝ። ቁጣ ይዞ የገባ ሰው ቁጣውን ትኩስ እንደሆነ ይዞት ይወጣል፤ ውጭ የተጣላው ሰው ግን ከረሳው ቆይቷል። ስንት ቤት በዚህ ፈርሷል መሰለሽ።

እኔንም በየፈረቃው ይጠይቁኛል። ከማንም አልተጣላሁም እላለሁ። በየፈረቃው እዋሻለሁ።

እማዬ እሺ አላለችም። ሐኪሙ ወረቀቱን ሲያነብላት አዳመጠች። ሲጨርስ ወደ እኔ ዞራ «ወደ ቤቴ ውሰደኝ» አለችኝ። «አሥራ አምስት ቀንም ብትሆን የራሴ ናት። በገዛ አልጋዬ ልጨርሳት።» ሐኪሙ እኔን አየኝ። ሕመምተኛው በራሱ መወሰን ካልቻለ የበኩር ልጁ ይፈርማል የሚል መስመር ወረቀቱ ላይ ነበር። እኔም ትኩሳቱ ነው የሚያስቀባዥራት አልኩት። ትኩሳት አልነበራትም። እዚያው ፊቷ ነው ያልኩት፤ ሰምታኛለች። ስፈርም እያየችኝ ነበር። አልጮኸችም። «እኔን?» ብቻ አለችና ፊቷን አዞረች። አልጋውን ገፍተው ሲያስገቡት እንደዞረች ነበረች።

ለእሷ ብዬ ነው እያልኩ ኖሬያለሁ። ለእሷ አልነበረም። እናት የሌለኝ ሰው መሆን ስላልቻልኩ ነው። አንቺ ብርድ ልብሱን ይዘሽ ስትመጪ እውነቱን ብነግርሽ በሩን በጥፍርሽም ቢሆን እንደምታስከፍቺው አውቅ ነበር። ስለዚህ እሺ ብላ ገባች አልኩሽ። ከዚያ በኋላ እዚህ መጣሁ። ክፍሉን ለመጠበቅ ብለህ ሄድክ ትዪኛለሽ፤ እኔ ግን ከመስታወቱ ፊት ለመሸሽ ነው የመጣሁት።

ፈርሜያለሁ፤ ወረቀቱ ከዚህ ጋር አለ። እስካሁን ሳልፈርም የቆየሁት መድኃኒት ጠብቄ አይደለም። አንቺ ዘጠኝ ዓመት ብትቆጪኝ አንድ ቀን ይደክምሽ ነበር። የእሷ ቁጣ ገና ዘጠኝ ቀኑ ነው።

ይቅር በይኝ።

ወንድምሽ


ታኅሣሥ 16

እንደምን ሰነበትክ አልልህም።

ወር ሙሉ ዝም ያልኩህ ሳልጽፍ ቀርቼ አይደለም። አምስት ደብዳቤ ጽፌ አምስቱንም ለኪስ ልክ ቆርጬባቸዋለሁ። በዚህ ወር እኔ ጋ ሱሪ ያሰፋ ሰው ሁሉ በአንተ ስድብ የተለካ ኪስ ይዞ ይዞራል።

ይቅር በይኝ ብለሃል። መልሱ ገና ነው።

የተቆጣሁት እዚያ ስላስገባሃት አይምሰልህ። ልጅ ነበርክ፣ ፈርተህ ነበር። እኔም ብሆን በአንተ ቦታ ልፈርም እችል ነበር። የተቆጣሁት እሺ ብላ ገባች ስላልከኝ ነው። ዘጠኝ ዓመት የቆምኩት በዚያች ቃል ላይ ነው። አስተማሪውን የሸኘሁት በዚያች ቃል ነው። የእሷ ፈቃድ ነው፣ ፈቃዷን እጠብቃለሁ እያልኩ። ለካ ስጠብቅ የኖርኩት ያንተን ፍርሃት ነው። መብራት ሳይቀር አስቀየርኩለት፣ ለፍርሃትህ።

ከዚህ የባሰ ልናገርህ አስቤ ነበር፤ ግን ደከመኝ። ቁጣም ጉልበት ይፈልጋል። ጠዋት ተነስቼ እቆጣሃለሁ ብዬ ቁጭ እላለሁ፣ የሰው ቁልፍ ስተክል እረሳዋለሁ።

ወረቀቱን አስገብቻለሁ። ጥር 5 ከጠዋቱ አራት ሰዓት ላይ ይከፈታል። አልጋዋን አውጥቼ አናፍሻለሁ፣ ፍራሹን አሳድሻለሁ። መጋረጃው ብቻ ነው የቀረኝ፤ ሰማያዊውን ይሁን ነጩን ትወድ የነበረው አላስታውስም። ዘጠኝ ዓመት ስለ እሷ ሳስብ ኖሬ መጋረጃዋ ጠፋኝ። አንተ ታስታውስ ይሆናል፣ ላንተ ቅርብ ነው።

አንተም ትመጣለህ። እየጠየቅኩህ አይደለም።


ታኅሣሥ 27

እትዬ፣

እንዲህ በለኝ ስላልሽኝ ነው። ካልወደድሽው እተወዋለሁ።

ሰማያዊውን ነው። ነጩን እድፍ ያሳያል ብላ አንስታው ነበር።

ደብዳቤሽን ደጋግሜ አንብቤዋለሁ። ያልሽው ሁሉ ልክ ነው። ስለ አመጣጤ ግን አንድ ነገር ልለምንሽ። ጥር 5 አልምጣ። ዓይኗን ስትገልጥ መጀመሪያ የምታየው ያንቺን ፊት ይሁን። እኔን ካየች ያቺ «እኔን?» ያለችበት ደቂቃ ናት የምትቀጥልባት። ቤቷ ትግባ፣ አልጋዋ ላይ ትረፍ፣ ትንሽ ይብረድላት። እኔ ከዚያ ወዲያ ሦስት ፈረቃ ብቻ ሠርቼ እደርሳለሁ። እስከዚያ ከጠየቀችሽ መንገድ ላይ ነው በያት።

ሰበብ እየደረደርኩ እንደሆነ ይታወቀኛል። ሻንጣዬን ግን አዘጋጅቻለሁ። በሩ አጠገብ ነው ያስቀመጥኩት፤ በወጣሁ በገባሁ ቁጥር ያደናቅፈኛል።

ወንድምሽ


ጥር 8

ጋሼ፣

ይህን የሚሰጥህ ሰው የእናንተን ድንጋይ የሚጭነው የከባድ መኪና ሹፌር ነው። እጅ በእጅ እንዲያስረክብህ፣ በሩን ሳትገባ እንዲይዝህ አደራ ብዬዋለሁ። ካልያዘህ ሁለት ቀን ትጠፋብናለህ።

ሦስት ፈረቃ ብቻ ትለኛለህ። ሦስት ፈረቃ ከነእረፍቱ ዘጠኝ ቀን ነው። ሐኪሙ በሩ ሲከፈት ሳምንት፣ ቢበዛ አሥር ቀን ነው ያላት ብሎኛል። ለቃሚ ሆነህ ቀርተሃል፣ የእናትህን ዕድሜ በፈረቃ ትቆጥራለህ። ክፋት እንዳልሆነ አውቃለሁ። ግን አሁን በሰው ቀን ቁጠር፤ ዛሬ አራተኛው ነው።

እንዴት እንደወጣች ልንገርህ። በሩ ተከፍቶ አልጋው ሲገፋ እንደዞረች ነበረች። ነርሷ ጡረታዋን ሁለት ወር አራዝማ ለዚህ ቀን ቆይታለች፤ እሷ ናት ቀስ አድርጋ ያዞረቻት። እማዬ አየችኝ። ከዚያ ወደ ነርሷ ዞራ ይቺ ሴትዮ ማናት ብላ ጠየቀች። እማዬ እኔ ነኝ ስላት ድምፄን አወቀችው። እጇን አውጥታ ፀጉሬን ነካች፤ ከፊት ለፊት ሸብቷል፣ አልነገርኩህም ነበር። «ዘጠኝ ቀን ብተኛ ልጄን አስረጁብኝ» አለች። ለሌላ ሰው ነው የተናገረችው፣ ለጣሪያው። ከዚያ አለቀሰች። እኔ አላለቀስኩም፤ የማለቅስበት አቅም ስላልነበረኝ ይመስለኛል።

አሁን ቤቷ ናት። ትላንት ሾርባ ጠጣች። መጋረጃውን አይታ ምንም አላለችም፤ ስለዚህ ልክ ነበርክ።

አንተን ሦስት ቀን አልጠየቀችም። ስምህ ሊነሳ ሲል ውኃ ስጪኝ ትላለች። ዛሬ ጠዋት ግን ወንድምሽስ አለችኝ። መንገድ ላይ ነው በያት ያልከኝን ልላት አፌን ከፈትኩ፤ አልወጣልኝም። በዚህ ቤት አንድ ሰው አንዴ ዋሽቶ ስንት ዓመት እንደፈጀ አውቃለሁ። ሊመጣ ፈርቶ ነው አልኳት። ቀጥሎ ያለችውን ቃል በቃል እጽፍልሃለሁ፤ ወረቀት አምጥቼ እያየችኝ ነው የጻፍኩት።

«ፈራ? ይፍራ፣ መፍራት ይገባዋል። ግን እዚህ መጥቶ ይፍራ። ይህን ቁጣ ይዤው ገባሁ፣ ይዤው ወጣሁ፣ ይዤው አልቀበርም። ቶሎ ይምጣና ይረከበኝ።»

ይብረድላት ብለሃል። አይበርድም፤ የሚበርድበት ጊዜ የላትም። አንተ መጥተህ ነው የምታበርደው።

እኔ ስለ ራሴ የምለው የለኝም። ከጥር 5 ወዲህ ተኝቻለሁ ማለት አልችልም። የማሳርፈው ሰው ሳይሆን የሚያሳርፈኝ ሰው ነው ያጣሁት። ሹፌሩ ዛሬውኑ ባዶውን ይመለሳል። አብረኸው ተሳፈር። ለአለቃህ መልእክት ስደድ እንጂ አንተ ወደዚያ በር አትጠጋ።

እህትህ


ጥር 13

መርፌ፣

ይህን ወረቀት የስፌት መኪናሽ ላይ ትቼዋለሁ፤ ስትነሺ መጀመሪያ የምትሄጂው ወደ እሷ ስለሆነ። እኛ ጓሮ ነን። አልጋው ባዶ ሆኖ ስታዪ እንዳትደነግጪ።

አንቺ እንደተኛሽ ሐኪሙ መጥቶ ነበር። ያለኝን አልደብቅሽም፤ ሁለት ቀን ወይም ሦስት ነው አለ። እሷም ሰምታዋለች። ፊቷ እንዲናገር ጠይቄው ነው።

ቁጣውን ረፋድ ላይ ጨረሰችው። ከመጣሁ ጀምሮ ሦስት ቀን ሙሉ ስረከብ ነው የከረምኩት። አንቺ የሰማሽው የወረቀቱን ነገር ብቻ ነው። አንቺ ሾርባ ልታሞቂ በወጣሽ ቁጥር ወደ ኋላ እየሄደች በሰባት ዓመቴ የሰበርኩትን መስታወት፣ ሳልነግራት ያዋስኩትን ብስክሌት፣ አባታችን ሲሞት ቀብር ላይ ቆሜ የሳቅሁትን ሁሉ አንድ በአንድ አነሳች። ያን ሁሉ ይዛ ነበር። ስለ አንቺ ያለችውን እኔ አልነግርሽም፤ ራሷ ትንገርሽ። እሱን ስትናገር ቀና ብዬ ማየት አልቻልኩም። መጨረሻ ላይ እጄን ያዘች። «አለቀ» አለችኝ። «ከእንግዲህ ስለ ሌላ ነገር እናውራ።»

ምን እንደምትፈልግ ጠየቅኳት። ጓሮ አውጣኝ አለች፣ አወጣኋት። ከድንጋይ ሳጥን ትቀላለች። ወንበሩ አልተመቸኝም አለች፤ ፍራሹን ከአልጋው አንስቼ ግድግዳው ሥር አነጠፍኩላት። ስለዚህ ነው አልጋው እንዲያ የሆነው። አሁን ስጽፍ በመስኮቱ አያታለሁ። የጎረቤትን አጥር ቀለም እየተቸች ነው፣ ማንን እያናገረች እንደሆነ እንጃ።

ላስነሳሽ ወደ ክፍልሽ ስሄድ ጠራችኝ። «ተዋት» አለች። «ዘጠኝ ዓመት ቆማልኛለች፤ ትተኛ።» ስትነሺ እንደምትቆጪኝ አውቃለሁ። ከቀሩት ቀናት የአንዱን ከሰዓት ተኝተሽ አሳለፍሽው ማለት ነው፣ ይህ ደግሞ የሚመለስ ነገር አይደለም። ለእሷም ይህንኑ ነገርኳት። እርግጠኛ ነሽ ወይ ብዬ ሁለቴ ጠየቅኳት። ሁለቴም ተዋት አለችኝ።

ስለዚህ ተውኩሽ።